አናርካሊና የላሆሩ መቃብር



ኬ. አሲፍ ያዘጋጀውንና በ1960 እ.ኤ.አ. ለሕዝብ የታየውን «ሙጋል-ኤ-አዛም» የተባለ የሕንድ ፊልም ከመካከላችን ያየ አይጠፋም። በቅርቡ ከልጆቼ ጋር እንደገና ሳየው «አባባ፣ ይኼ ነገር በእውነት ሆኗል ወይ?» ብለው ጠየቁኝ። መልሱን ለእናንተም ላካፍል ብዬ ነው ብዕር ያነሣሁት።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ልዑል ሳሊም በአባቱ በንጉሠ ነገሥት አክባር ግቢ የምትጨፍረውን አናርካሊን ይወድዳል። አባት ይከለክላል፤ ልጅ ጦር ያነሣል፤ ይሸነፋልም። በመጨረሻ አናርካሊ ከነሕይወቷ ግንብ እንዲታነጽባት ይፈረዳል። ንጉሡ ግን ለእናቷ የገባው ቃል ነበረና በስውር ያሸሻታል። ሳሊም ሞታለች ብሎ ይቀራል።

እውነቱስ? አክባር ከ1556 እስከ 1605 ገዝቷል፤ ሳሊምም ጃሃንጊር ተብሎ እስከ 1627 ነግሧል። ልጁ በአባቱ ላይ መሸፈቱም እውነት ነው፤ እንዲያውም በ1602 የአባቱን ታማኝ አማካሪ አቡል ፋዝልን አስገድሏል። የሸፈተው ግን ለዙፋን እንጂ ለሴት ስለ መሆኑ ማስረጃ የለም። ጃሃንጊር ራሱ በጻፈው የዘመኑ ታሪክ ውስጥ የአናርካሊን ስም አላነሣም። ወሬውን ቀድመው ከጻፉት አንዱ በ1611 ገደማ ላሆር የነበረው እንግሊዛዊ ነጋዴ ዊልያም ፊንች ነው፤ እርሱም የአክባር ሚስት ነበረች ይላል። ዛሬ የምናውቀውን መልክ የሰጠው ኢምቲያዝ አሊ ታጅ በ1922 የጻፈው ቴአትር ነው።

ላሆር ውስጥ በስሟ የሚጠራ መቃብር አለ። በእንግሊዞች ዘመን ቤተ ክርስቲያን ሆነ፤ ኋላም የመዛግብት ቤት ተደረገ። ማን እንደ ተቀበረበት የታሪክ ሰዎች እስከ ዛሬ ይከራከራሉ።

አናርካሊን ሆና የሠራችው ማዱባላ ደግሞ የልብ ሕመምተኛ ነበረች፤ በ1969 በ36 ዓመቷ አረፈች። የእርሷ መቃብር በ2010 ለአዲስ ሟቾች ቦታ ሲፈለግ ከሌሎች ጋር ፈረሰ። እንግዲህ አንደኛዋ መቃብር አላት፣ መኖሯ ግን አልተረጋገጠም፤ ሁለተኛዋን ዓለም ያውቃታል፣ መቃብሯ ግን የለም።

ታዲያ እኛ ሟቻችንን በስሙ ጠርተን፣ ድንኳን ተክለን፣ በመዝገብ ጽፈን የምንሸኘው ለከንቱ አይደለም እኮ! ድንጋይ ይፈርሳል። ስሙ በትክክል ያልተጻፈ ሰው ደግሞ ታሪኩን ሌላ ሰው እንደ ፈለገ ይጽፍለታል። ስለዚህ የዕድራችንን መዝገብ አደራ፣ በደንብ እንያዝ እላለሁ።