ከጦር ሰፈር አጥር እስከ ማጀት፦ የአንድ የኮርያ ወጥ ታሪክ



የዛሬው ርእሴ ወጥ ነው። ኮርያውያን «ቡዴ ጂጌ» ይሉታል፤ «የጦር ሰፈር ወጥ» እንደ ማለት ነው። የታሪክ መምህር ስለ ድስት ለምን ይናገራል የሚል ቢኖር መልሴ አጭር ነው። ጦርነትን ጄኔራሎች በሪፖርታቸው፣ መንግሥታት በውላቸው መዝግበው ያቆዩታል፤ የረኀብን ታሪክ ግን አብዛኛውን ጊዜ ጠብቆ የሚያቆየው ማጀት ነው።

ከወጡ ቅላት እንጀምር። በርበሬ የተገኘው ከአሜሪካ ምድር ስለሆነ፣ ከ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በፊት በኮርያ ቀይ ወጥ አልነበረም። ሊቁ ዪ ሱግዋንግ እ.ኤ.አ. በ1614 ባዘጋጀው መጽሐፍ በርበሬን ከጃፓን የመጣ ባዕድ ተክል አድርጎ ጠቅሶታል። የእኛም ቀይ ወጥ ከዚህ የተለየ የዘር ሐረግ የለውም። «ጥንታዊ» የምንለው ጣዕም ብዙ ጊዜ የመርከብና የገበያ ልጅ ነው።

የቡዴ ጂጌ ታሪክ ግን ቅርብ ነው። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1953 የተኩስ ማቆም ስምምነት ሲፈረም ደቡብ ኮርያ የፈራረሰችና የተራበች አገር ነበረች። ከሴኡል በስተሰሜን በምትገኘው በኡይጆንግቡ ከተማ የአሜሪካ ጦር ሰፈሮች ነበሩ፤ ከአጥሩ ውስጥ ሥጋ ሞልቷል፣ ከአጥሩ ውጭ ሥጋ ብርቅ ነው። ከወታደሮች ገበታ የተረፈውን ሰብስቦ በማፍላት የሚዘጋጅ፣ «የአሳማ ገንፎ» የሚል ስም የወጣለት ምግብ በየገበያው ይሸጥ ነበር። ከዚያም ከጦር ሰፈሩ ሱቅ በስውር የሚወጣ የቆርቆሮ ሥጋና ቋሊማ መጣ። ንግዱ በሕግ የተከለከለ በመሆኑ ሻጭም ገዥም ይፈራ ነበር። የአገሬው ሴቶች ያንን ባዕድ ሥጋ ከኪምቺና ከበርበሬ ድልህ ጋር ቀቅለው፣ ለልጆቻቸው አፍ የሚስማማ ወጥ አደረጉት። ይኸው ወጥ በአሜሪካው ፕሬዚዳንት ስም «ጆንሰን ታንግ» ተብሎም ተጠርቷል፤ ሊንደን ጆንሰን ኮርያን የጎበኙት እ.ኤ.አ. በ1966 ነው።

አሠራሩን ብናይ ታሪኩ ተደራርቦ ይታያል። በቤት ውስጥ ሰፊና ዝርግ ድስት ይወሰዳል። የቆየ ኪምቺ፣ ማለትም በበርበሬና በነጭ ሽንኩርት ታሽቶ የኮመጠጠ የቻይና ጎመን፣ ተከትፎ ከአንድ ወገን ይደረደራል፤ በሌላው ወገን የቆርቆሮ ሥጋ፣ ቋሊማ፣ ሽንኩርትና ጥቂት የበሰለ ቦሎቄ ይቀመጣል። መካከሉ ላይ ከጎቹጃንግና ከደቃቅ በርበሬ የተለወሰው ቅመም ይደረጋል። ጎቹጃንግ ከበርበሬ፣ ከሩዝ ዱቄትና ከአኩሪ አተር ተብላልቶ የሚዘጋጅ ድልህ ነው። በእኛ አዋዜ ልተካው የሚል ሰው ኮረሪማው ጣዕሙን ወደ ሌላ አገር እንደሚወስድበት ይወቅ። በመጨረሻ የአጥንት መረቅ ይፈስበታል። ሲንተከተክ እኛ ኢንዶሚ የምንለው ዓይነት ፓስታ ይጨመርበታል፤ ይህም በኮርያ መመረት የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1963 ስለሆነ በድስቱ ውስጥ ዘግይቶ የገባ እንግዳ ነው። ድስቱ ከነእሳቱ ማዕድ ላይ ቀርቦ ሁሉም ከአንዱ ይጨልፋል። ኪምቺው የአያቶች፣ በርበሬው የውቅያኖስ ንግድ፣ ሥጋው የጦርነት፣ ፓስታው የፋብሪካ ዘመን ምስክር ነው።

ዛሬ ኡይጆንግቡ በዚህ ወጥ የታወቀ የምግብ ቤቶች ጎዳና አላት፤ ወጣቶችም ለደስታቸው ይበሉታል። በዕድሜ የገፉት ግን ሁሉም በአንድ ልብ አያዩትም። ለአንዱ የብልሃት፣ ለሌላው የውርደት መታሰቢያ ነው። የእኔ አቋም ይህ ነው፦ ችግር የወለደውን ምግብ ስናወድስ ችግሩን ከታሪኩ ማውጣት የለብንም። የረኀቡ ትዝታ ከተጣለ የሚቀረን የምግብ ዝርዝር ብቻ ነው፤ ያበሰሉት እናቶችም ከታሪክ ይወጣሉ።

ጉዳዩ የእኛም ነው። ከ1943 ዓ.ም. ጀምሮ የቃኘው ሻለቆች ተራ በተራ ኮርያ ዘምተዋል፤ ከመቶ በላይ ወገኖቻችን እዚያ ወድቀዋል። ከኡይጆንግቡ ብዙም በማትርቀው በዶንግዱቾን፣ ኢትዮጵያውያን ወታደሮች ለጦርነቱ ወላጅ አልባ ሕፃናት ማሳደጊያ አቋቁመው ነበር። በዚያ ረኀብ ውስጥ ምግብ ያካፈሉ እጆች የእኛም ነበሩ ማለት ነው። በቹንቾን ሐውልት አለ፤ ሐውልት ግን ስለ ማዕድ አይናገርም። ከዘማቾቹ ዛሬ በሕይወት ያሉት ጥቂቶች ናቸው።

ስለዚህ፣ ተማሪዎቼ ሆይ፣ አረጋዊ ዘማች ወይም የዘማች ባለቤት ስታገኙ ስለ ውጊያው ብቻ አትጠይቁ። በብርዱ ምን እንደ በሉ፣ ከማን ጋር እንደ ተካፈሉ፣ ከቤት ምን እንደ ናፈቃቸው ጠይቁና መዝግቡ። ጊዜው አጭር ነው።