ጂን ኦገስቲን፤ ከሰው ቤት እስከ ካናዳ ፓርላማ

በውጭ አገር ምህንድስና ተምሬ ቶሮንቶ የገባሁ ሰሞን በየቃለ መጠይቁ የሚገጥመኝ ጥያቄ አንድ ነበር፤ «የካናዳ የሥራ ልምድ አለህ?» የለኝም። ቀን ማመልከቻ እያስገባሁ ሌሊት መጋዘን ውስጥ ካርቶን እደረድር ነበር። የወይዘሮ ጂን ኦገስቲንን ስም የነገረችኝ እዚያው አብራኝ የምትሠራ የካሪቢያን ሴት ናት። «እሷም በሰው ቤት ነው የጀመረችው» አለችኝ። ያን ጊዜ ታሪካቸውን ማንበብ ጀመርኩ። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ወይዘሮ ጂን በ1937 በግሬናዳ ደሴት ተወለዱ። በአገራቸው አስተማሪ ነበሩ። በ1960 ወደ ካናዳ የመጡት ግን በሙያቸው አልነበረም። ካናዳ ከ1955 ጀምሮ ያላገቡ ወጣት የካሪቢያን ሴቶችን በቤት ሠራተኝነት ታስገባ ነበር፤ አንድ ዓመት ሰው ቤት ያገለገለች ሴት ከዚያ በኋላ ወደ ሌላ ሥራ መዛወር ትችላለች። እሳቸውም ዓመታቸውን ጨርሰው ቶሮንቶ ውስጥ የመምህራን ኮሌጅ ገቡ፤ በቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲም ቀጥለው ተማሩ። በካቶሊክ ትምህርት ቤቶች አስተምረው ርዕሰ መምህር እስከመሆን ደረሱ።

በ1993 በምዕራብ ቶሮንቶ ከሚገኘው የኢቶቢኮ-ሌክሾር የምርጫ ክልል በሊበራል ፓርቲ ዕጩነት ተወዳድረው አሸነፉ። ለፌዴራል ፓርላማ የተመረጡ የመጀመሪያዋ ጥቁር ካናዳዊት ሆኑ ማለት ነው። ካናዳ የመጀመሪያዋን ሴት እንደራሴ አግነስ ማክፌይልን የመረጠችው በ1921 ነበር፤ ጥቁር ሴት እስክትገባ 72 ዓመት ፈጀ። በኛ አገር ወይዘሮ ስንዱ ገብሩ ለፓርላማ የተመረጡት በ1957 መሆኑን ስናስታውስ ነገሩ ያስገርማል።

ወይዘሮ ጂን ምክር ቤት ገብተው ዝም አላሉም። በታኅሣሥ 1995 የካቲት ወር የጥቁሮች ታሪክ ወር ሆኖ እንዲታወቅ ያቀረቡት ሐሳብ በሙሉ ድምፅ ጸደቀ። ሴቶች በሕግ ፊት «ሰው» ተብለው እንዲቆጠሩ የታገሉት አምስት ሴቶች ሐውልት በኦታዋ ፓርላማ ግቢ እንዲቆም ያደረጉትም እሳቸው ናቸው። በ2002 የመድብለ ባህልና የሴቶች ጉዳይ ኃላፊነት ተሰጣቸው። አራት ጊዜ ተመርጠው፣ አንድም ጊዜ ሳይሸነፉ በ2006 ፓርላማውን ለቀቁ።

ለኛ ለስደተኞች ከሁሉም የሚቀርበን ግን ቀጥሎ የሠሩት ነው። ኦንታሪዮ በውጭ አገር የተማሩ ባለሙያዎች የሥራ ፈቃድ ሲጠይቁ በግልጽና በፍትሐዊ መንገድ እንዲስተናገዱ የሚያስገድድ ሕግ አወጣች፤ በ2007 የዚህ መሥሪያ ቤት የመጀመሪያዋ ኮሚሽነር ወይዘሮ ጂን ሆኑ፤ እስከ 2015 መሩት። መሥሪያ ቤቱ የሙያ ማኅበራትን አሠራር ይመረምራል እንጂ የአንድን ሰው ውሳኔ አይሽርም። ይህን ሳያውቁ «ጉዳዬን ይፈርዱልኛል» ብለው የሚጠብቁ ወገኖች አሉና ልብ ይሏል።

ለውጡ አዝጋሚ ነው። ለመሐንዲስነት ፈቃድ ይጠየቅ የነበረው የአንድ ዓመት የካናዳ ልምድ የተሰረዘው በ2023 ነው። እኔ ከዚያ በፊት ፈቃዴን ካገኙት ነኝ፤ የሌሊቱን ዓመታት የሚመልስልኝ የለም። ዛሬ አዲስ የሚመጣ ወንድሜ ወይም እህቴ ግን ያንን ጥያቄ ለፈቃድ ሲሉ አይመልሱም። አስተማሪነታቸውን ትተው የሰው ቤት የጠረጉት ሴት፣ ሥልጣን ሲያገኙ ከኋላቸው የሚመጣውን አልረሱም።