ትናንሽ ከተሞችና መለኪያቸው
(ከገሱባ ገበያ የተነሣ ሐሳብ)

«ስምን መልአክ ያወጣዋል» ይላል ያገራችን ሰው። የከተማን ስም የሚያወጡት ግን ገበያው፣ መንገዱና ሰፈርተኛው ሲሆኑ፣ ማዕረጉን የሚሰጠው አዋጅ ነው። አንዱን መንደር «ገጠር»፣ ሌላውን «ከተማ» የሚያሰኘው፣ ከከተሞችም መካከል አንዱን «ታዳጊ»፣ አንዱን «ማዘጋጃ ቤት»፣ አንዱን «ከተማ አስተዳደር» ብሎ የሚመድበው ድልድል ላይ ላዩን ሲያዩት ከጽሕፈት ቤት መዝገብ የማያልፍ ደረቅ ጉዳይ ይመስላል። ሆኖም የገበሬው ማሳ በየትኛው ሕግ እንደሚዳኝ፣ የገበያው ገቢ በማን እጅ እንደሚገባ፣ መንገዱን ጠጠር የሚያለብሰውና ቦዩን የሚያስጠርገው ማን እንደሆነ የሚወሰነው በዚሁ ድልድል ነው። ስለዚህም ጉዳዩ የታሪክ ምርመራ ይገባዋል። ለምርመራውም ከታላላቆቹ ከተሞች ይልቅ እንደ ገሱባ ያለች ትንሽ ከተማ የተሻለች መነሻ ናት።

ገሱባ ከወላይታ ሶዶ በስተ ደቡብ ምዕራብ የምትገኝ የኦፋ ወረዳ ዋና ከተማ ናት። ዙሪያዋ እንሰት፣ ጎደሬ፣ ስኳር ድንችና በቆሎ የሚበቅልበት፣ ሕዝቡ ተጠጋግቶ የሚኖርበት፣ ቁራሽ መሬት እንደ ዓይን ብሌን የሚጠበቅበት የወላይታ ገጠር ነው። እንዲህ ያለች ከተማ በአዘቦት ቀንና በገበያ ቀን አንድ አይደለችም። በአዘቦት ቀን የመንግሥት ሠራተኛው፣ መምህሩ፣ ባለ ሱቁና ልብስ ሰፊው ይታዩባታል። በገበያ ቀን ግን ቅቤዋን በቅጠል የጠቀለለች፣ እንስራዋን በጀርባዋ ያዘለች፣ በሬውን የሚነዳ፣ ሸማውን በክንዱ ያንጠለጠለ የገጠር ሰው መንገዱን ይሞላዋል፤ ሲመሽም ወደየቀዬው ይበተናል። ይህ ሰው ከተማይቱን ያቆማታል፤ በከተማይቱ የሕዝብ ቁጥር ውስጥ ግን አይገባም። የዚህ ጽሑፍም ነገር በአጭሩ ይኸው ነው። ትናንሽ ከተሞቻችን ሲመዘኑ የኖሩት በውስጣቸው በሚያድረው ሰውና በተተከለባቸው ጽሕፈት ቤት እንጂ በእነርሱ በሚገለገለው ሕዝብ አይደለም። ይህ ሚዛን ከየት እንደመጣ ለማየት ጥቂት ወደ ኋላ መመለስ ያሻል።

«ከተማ» የሚለው ቃል በቀድሞ ትርጉሙ የንጉሥ ወይም የሹም ሠራዊት የሰፈረበት ቦታ ማለት ነበር። ንጉሡ ሲነሣ ድንኳኑ ይነቀላል፤ ድንኳኑ ሲነቀል ከተማው ይፈርሳል። ስለሆነም በቃሉ ሥር የምናገኘው ነጋዴውንና አንጥረኛውን ሳይሆን የታጠቀውን ሰውና አለቃውን ነው። በወላይታ በኩል ደግሞ ሕዝቡ ከዚህ የተለየ የመሰብሰቢያ ሥርዓት ነበረው። ጊያ፣ ማለትም ገበያው፣ ሰውንና ሸቀጥን ያገናኝ ነበር፤ ጉታራ የሚባለው ሜዳ ደግሞ ሽማግሌዎች የሚመክሩበት፣ የጋራ ጉዳይ የሚነሣበት አደባባይ ነበር። በ1887 ዓ.ም. የዳግማዊ ምኒልክ ጦር ዘምቶ የካዎ ጦና መንግሥት ከወደቀ በኋላ ሶዶ የአዲሱ አስተዳደር መቀመጫ ሆና አደገች። ከዚህ ጊዜ ጀምሮ በአካባቢው ሁለት ዓይነት የከተማ ዘር ጎን ለጎን ይታያል። አንደኛው ከላይ በሹመት የተተከለው ሰፈር ሲሆን፣ ሁለተኛው ከታች በገበያ የበቀለው መንደር ነው። የኋለኞቹ ሕጎች በአብዛኛው ያወቁት የመጀመሪያውን ነው።

ዘመናዊው ድልድል የሚጀምረው ከጣሊያን ወረራ ማግስት ነው። በ1934 ዓ.ም. የወጣው የአገር አስተዳደር ድንጋጌ የጠቅላይ ግዛቱን፣ የአውራጃውንና የወረዳውን ሹም ሥልጣን ሲወስን፣ በከንቲባ እንዲመሩ ለይቶ ያነሣቸው ከተሞች አዲስ አበባና ጎንደር ነበሩ። በ1937 ዓ.ም. የወጣው የማዘጋጃ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 74 ደግሞ ከተሞችን በሁለት ሠንጠረዥ ከፈላቸው። በላይኛው መደብ ታላላቆቹ፣ በታችኛው መደብ ትናንሾቹ ተመዘገቡ። በምክር ቤት ነዋሪውን የሚወክለውም የማይንቀሳቀስ ንብረት ያለው ሰው እንዲሆን ተደረገ። እንግዲህ ለአንድ ሥፍራ የከተማነትን ማዕረግ ያጎናጸፈው በሠንጠረዡ ውስጥ መጻፉ ነበር፤ በከተማውም ውስጥ ለአንድ ሰው ድምፅ የሚያሰጠው ርስቱ ነበር። ከመዝገብ የቀረው የገበያ መንደርና ርስት የሌለው ሸክላ ሠሪ፣ ሸማኔና ቀጥቃጭ በሥራቸው ከተማን ቢያቆሙም በሕጉ ፊት ድምፅ አልነበራቸውም።

ሁለተኛው ለውጥ የመጣው በ1967 ዓ.ም. ነው። የካቲት 25 ቀን የታወጀው አዋጅ የገጠርን መሬት የሕዝብ ሲያደርግ፣ ገበሬው ቢያንስ በ800 ሔክታር ክልል በገበሬ ማኅበር እንዲደራጅ ደነገገ። ከአምስት ወር በኋላ ሐምሌ 19 ቀን የታወጀው አዋጅ ቁጥር 47 ደግሞ የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ንብረት አደረገ፤ የከተማውንም ሕዝብ በቀበሌ አደራጀ፤ ወርኃዊ ኪራያቸው ከ100 ብር በታች የሆኑትን ቤቶች ቀበሌው እንዲያስተዳድር ሰጠው። በ1969 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 104 የከተማ ነዋሪዎች ማኅበራትንና ማዘጋጃ ቤቶችን በአንድነት አደላደለ። በዚህ ዘመን ርስት የድምፅ መለኪያ መሆኑ ቀረ። ነገር ግን በገጠሩና በከተማው መካከል ቀድሞ በጉልህ ያልነበረ መስመር ተሰመረ። በመስመሩ ወዲያ ያለው የገበሬ ማኅበር አባል፣ በመስመሩ ወዲህ ያለው የከተማ ነዋሪ ማኅበር አባል ሆነ። ወንድማማቾች በአንድ አጥር ግራና ቀኝ እየኖሩ በሁለት ማኅበር ሊመዘገቡ ይችሉ ነበር።

ይህ መስመር ማኅበራቱ ከደከሙ በኋላም በቁጥር ሊቃውንት መዝገብ ውስጥ ኖሯል። በአገራችን ሦስት ጊዜ፣ ይኸውም በ1976፣ በ1987 እና በ1999 ዓ.ም. የሕዝብና ቤት ቆጠራ ተካሂዷል። በኋለኞቹ ሁለት ቆጠራዎች ከተማ ተብለው የተመዘገቡት የክልል፣ የዞንና የወረዳ ዋና ከተሞች በሙሉ፣ የከተማ ነዋሪዎች ማኅበር የነበረባቸው ሥፍራዎች፣ ከእነዚህም ውጪ 1,000ና ከዚያ በላይ ነዋሪ ኖሯቸው አብዛኛው ሕዝባቸው ከእርሻ ውጪ በሆነ ሥራ የሚተዳደርባቸው ሥፍራዎች ነበሩ። በ2000 ዓ.ም. የወጣው የከተማ ፕላን አዋጅ ቁጥር 574 ግን ማዘጋጃ ቤት የተቋቋመበትን፣ ወይም 2,000ና ከዚያ በላይ ሕዝብ ኖሮት ከሠራተኛው ግማሹ ከእርሻ ውጪ የሚሠራበትን ሥፍራ ከተማ ይለዋል። ልብ ልንል የሚገባን አንድ ነገር አለ። እንደ ገሱባ ያለ የወረዳ መቀመጫ በቆጠራው ከተማ የሚሆነው በጽሕፈት ቤቱ ምክንያት ነው፤ ገበያው ሞልቶ ቢፈስስም የወረዳ መቀመጫ ያልሆነው ጎረቤቱ ግን በቁጥርና በሥራ ዓይነት መፈተን አለበት። ስለዚህ የጥንቱ የሹም ሰፈር በአዲሱ ትርጓሜ ውስጥም አልጠፋም።

ቁጥሩ ራሱ ከሰማይ የወረደ አይደለም። በዴንማርክ 200 ሰው ተጠጋግቶ የሰፈረበት ቦታ በቆጠራ እንደ ከተማ ይታያል። በሕንድ የቆጠራ መሥሪያ ቤት አንድን ሥፍራ ከተማ ለማለት ቢያንስ 5,000 ሕዝብ፣ በአንድ ካሬ ኪሎ ሜትር 400 ሰው፣ ከወንድ ሠራተኞችም ከመቶ 75ቱ ከእርሻ ውጪ እንዲሠሩ ይጠይቃል። በጃፓን ለከተማነት ማዕረግ የተቀመጠው መነሻ 50,000 ነው። በፈረንሳይ ደግሞ ከ1789 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር አብዮት ወዲህ ትንሹም መንደር ትልቁም ከተማ «ኮሙን» በሚል አንድ ስም የራሱ ምክር ቤት አለው። እንግዲህ እያንዳንዱ አገር ሚዛኑን የሚሠራው ለሚፈልገው ነገር ነው፤ ጥያቄው እኛ በሚዛናችን ልንመዝን የምንፈልገው ምንድን ነው የሚለው ነው።

ከ1987ቱ ሕገ መንግሥት በኋላ የከተሞች አደረጃጀት በክልሎች እጅ ገባ። በ1990ዎቹ አጋማሽ ክልሎቹ ተራ በተራ የየራሳቸውን አዋጅ አወጡ። ኦሮሚያ በ1995 ዓ.ም. ባወጣው አዋጅ ከተሞችን በአራት ደረጃ ከፍሎ፣ አራተኛውን ከ2,000 እስከ 10,000፣ ሦስተኛውን እስከ 45,000፣ ሁለተኛውን እስከ 90,000፣ አንደኛውን ከዚያ በላይ ነዋሪ ላላቸው መድቦ ነበር። በአማራ ክልል «ከተማ አስተዳደር»፣ «መሪ ማዘጋጃ ቤት»፣ «ንዑስ ማዘጋጃ ቤት»፣ «ታዳጊ ከተማ» የሚሉ ስሞች ተለመዱ። በደቡብም እንዲሁ ከተማ አስተዳደር፣ ማዘጋጃ ቤትና ታዳጊ ማዘጋጃ ቤት የሚል መሰላል ተዘረጋ። በወላይታ ሶዶ፣ ቦዲቲና አረካ በዚህ መሰላል ቀድመው ወጡ፤ ገሱባም ከጠበላ፣ ከበሌና ከጉኑኖ ጋር በኋላ የከተማ አስተዳደርነትን ደረጃ አገኘች። ከነሐሴ 2015 ዓ.ም. ጀምሮ እነዚህ ሁሉ በደቡብ ኢትዮጵያ ክልል ውስጥ ናቸው።

ይህ የደረጃ ለውጥ ለነዋሪው ምን ማለት ነው? ማዘጋጃ ቤት በወረዳው ጥላ ሥር ሆኖ በሥራ አስኪያጅ ይመራል። ትምህርቱና ጤናው የወረዳው ሥራ ሲሆኑ፣ የውስጥ መንገድ፣ የቆሻሻ ማስወገድ፣ የቄራ፣ የገበያና የመሳሰለው «ማዘጋጃ ቤታዊ» ተግባር በእርሱ ላይ ይወድቃል፤ ይህንንም በአብዛኛው ከራሱ ገቢ መሸፈን አለበት። የትንሽ ከተማ ገቢ ደግሞ የገበያና የአገልግሎት ክፍያ፣ የቦታና የቤት ግብር ነው። በመሆኑም ቅቤ ሻጪቱ የምትከፍለው ሳንቲም የከተማው ቧንቧና ጠጠር ይሆናል ማለት ነው፤ እርሷ ግን በምክር ቤቱ ምርጫ ድምፅ የምትሰጠው በዚያ ሳይሆን በገጠር ቀበሌዋ ነው። ከተማ አስተዳደር ሲሆን የራሱን ምክር ቤት፣ የራሱን ከንቲባና የራሱን በጀት ያገኛል። በ1934 ዓ.ም. ድንጋጌ ለአዲስ አበባና ለጎንደር ተለይቶ የተሰጠው የከንቲባነት ስም ዛሬ በገሱባ መጠራቱ ትንሽ ታሪክ አይደለም። ሥልጣን ወደ ሕዝቡ የቀረበበት አንዱ እርምጃ ነውና ሊናቅ አይገባውም።

ሆኖም ማዕረጉ ዋጋ አለው፤ ዋጋውንም በመጀመሪያ የሚከፍለው በከተማው ጠርዝ ያለው ገበሬ ነው። በ1997 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 456 ለገበሬው የጊዜ ገደብ የሌለው የመጠቀም መብት አረጋገጠለት። በ2004 ዓ.ም. የወጣው የሊዝ አዋጅ ቁጥር 721 ደግሞ የከተማ ቦታ በጊዜ ተወስኖ እንዲሰጥ፣ ለመኖሪያ ቤትም ዘመኑ 99 ዓመት እንዲሆን ደነገገ። የከተማው ክልል በሰፋ ቁጥር ያው እንሰት የተተከለበት ጓሮ ከአንዱ ሕግ ወደ ሌላው ይሻገራል። መሬቱ ለልማት ሲፈለግ ለማሳው የሚታሰበው ካሳ በ1997 ዓ.ም. አዋጅ የዓመት ገቢው አማካይ አሥር እጥፍ ነበር፤ በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ወደ አሥራ አምስት እጥፍ ከፍ ብሏል። ይህ በጎ ማሻሻያ ነው። ይሁን እንጂ እንሰት በዓመት ገቢ ብቻ የሚተመን ተክል እንዳልሆነ ወላይታን የሚያውቅ ሁሉ ያውቃል። ተተክሎ ለምግብ እስኪደርስ ዓመታት ይፈጃል፤ በክፉ ቀንም የቤተሰብ ጎተራ እርሱ ነው።

ሌላም ችግር አለ። ደረጃ በሕዝብ ብዛት የሚሰጥ ከሆነ ቁጥሩ የታመነ መሆን ይኖርበታል። አራተኛው ቆጠራ በ2011 ዓ.ም. ተራዘመ፤ በ2012 ዓ.ም. ደግሞ ወረርሽኝ መጣበት። ከ1999 ዓ.ም. በኋላ የትናንሽ ከተሞች ደረጃ ሲታሰብ የቆየው እንግዲህ በግምት ላይ ነው። ግምት ደግሞ ጉልበት ላለው ሊያዘነብል ይችላል።

«ታዲያ ደረጃ ይቅር ወይ?» የሚል አንባቢ አይጠፋም። አይቅር። ሁሉም መንደር በአንድ ቀን ከተማ ቢባል ለአንዱ የማይበቃው በጀት ለመቶ ይበተናል፤ ወንበርና ማኅተም ይበዛሉ እንጂ ቧንቧ አይበዛም። ደረጃው ይኑር፤ ነገር ግን ሚዛኑ አንድ ሳሕን ይጨመርለት። በከተማው ውስጥ ስንት ሰው ያድራል ከሚለው ጥያቄ ጎን፣ ስንት ሰው ይገበይበታል፣ ስንት የገጠር ልጅ ይማርበታል፣ ስንት ነፍሰ ጡር ሴት ከገጠር መጥታ ትወልድበታለች የሚለውም ይጠየቅ። የገበያውን ክፍያ የሚከፍለው የገጠር ሰውም ስለ ገበያው በሚመከርበት ሸንጎ ድምፁ ይሰማ። ጉታራ ያቆየልን ትምህርት ይኸው ነው፤ አደባባዩ የሰፈርተኛው ብቻ አልነበረም።

የቴአትር ሰዎች አንድ የምናውቀው ነገር አለ። የአዳራሽ ትልቅነት በወንበሩ ይቆጠራል፤ የጨዋታው ዋጋ ግን የሚታወቀው ተመልካቹ ከየት ድረስ ተጉዞ እንደመጣ ሲጠየቅ ነው። በየትናንሽ ከተሞቻችን የምታስተምሩ መምህራን፣ የምትሠሩ ካድሬዎችና የምትጽፉ ከያንያን፣ የከተማችሁን ታሪክ ከሹመት ደብዳቤ ብቻ አትፈልጉት። ገበያው መቼ እንደቆመ፣ የመጀመሪያውን ሱቅ ማን እንደከፈተ፣ ሸክላ ሠሪዋ ከየትኛው ቀበሌ እንደምትመጣ ሽማግሌዎቹ ሳያልፉ ጠይቁና ጻፉ። አዋጅ ለከተማ ማዕረግ ይሰጣል፤ የማዕረጉን ተገቢነት የሚመሰክረው ግን በገበያ ማግስት ጠዋት፣ ሕዝቡ ሄዶ የእግሩ ዱካ የቀረበት ሜዳ ነው።