የመንገድ ማሳለጫ ግንባታና አካባቢያዊ ተጽዕኖው በኮልፌ ቀራንዮ

ኮልፌ ቀራንዮ በምዕራብ አዲስ አበባ የሚገኝ ክፍለ ከተማ ነው። በ1990ዎቹ ዓ.ም የተገነባውና 33 ኪሎ ሜትር ያህል የሚረዝመው የቀለበት መንገድ በጦር ኃይሎችና በኮልፌ በኩል ያልፋል። በ2008 ዓ.ም ሥራ የጀመረው የምሥራቅ–ምዕራብ ቀላል ባቡር መስመርም መጨረሻው ጦር ኃይሎች ነው።

እንዲህ ባለ የመንገዶች መገናኛ ላይ ማሳለጫ እንደ አዲስ ሲሠራ አቧራና ጫጫታ ይበዛል፤ ዛፎችም ይቆረጣሉ። አስፋልትና ኮንክሪት ውኃ ስለማያሰርጉ የክረምት ጎርፍ ይጨምራል። ጎርፉም የመኪና ዘይትና ቆሻሻ ጠርጎ ወደ ትንሹ አቃቂ ወንዝ፣ ከዚያም ወደ አባ ሳሙኤል ሐይቅ ይወስዳል። የእግረኛ መሻገሪያ በቅርብ ከሌለ ደግሞ በቀለበት መንገዱ እንደታየው ሰፈር ለሁለት ይከፈላል፤ ወደ ትምህርት ቤት፣ ወደ ገበያ ወይም ወደ መስጂድ የሚሄድ ሰው ብዙ ይዞራል፤ አለዚያ አጥር ዘሎ ለአደጋ ይጋለጣል። በሌላ በኩል መጨናነቁ ሲቃለል ቆመው የሚጠብቁ መኪኖች ጭስ ይቀንሳል።

የአካባቢ ተጽዕኖ ግምገማ አዋጅ ቁጥር 299/1995 የጥናቱ ሪፖርት ለሕዝብ ክፍት እንዲሆንና አስተያየት እንዲሰጥበት ደንግጓል። ስለዚህ ነዋሪው የጎርፍ መውረጃውና የእግረኛ መሻገሪያው የት እንደሚሆን መጠየቅ ያለበት ማሽን ከገባ በኋላ ሳይሆን ፕሮጀክቱ ገና ሲጠና ነው።