የዘመመው ጠረጴዛ

በ1950ዎቹ ዓመታት፣ ቴሌቪዥን በአሜሪካ ገና ብላቴና ሳለ፣ አብዛኞቹ የቀልድ ዝግጅቶች ከሬዲዮና ከመድረክ የተወረሱ ነበሩ። ቀልደኛው ከመጋረጃው ፊት ቆሞ ይናገራል፤ ካሜራውም የታየውን ከማስተላለፍ በቀር ሌላ ድርሻ አልነበረውም። ይህን ልማድ ራሱን መሳቂያ ካደረጉት ሰዎች ቀዳሚው፣ እ.ኤ.አ. በ1919 በኒው ጀርሲ በትሬንተን ከተማ የተወለደው ኧርኒ ኮቫክስ ነው።

ኮቫክስ በቁም ነገር የሚቀርበውን ሁሉ፣ ማለትም የንግድ ማስታወቂያውን፣ የግጥም ንባቡን፣ የአዘጋጆቹን ስም ዝርዝር ሳይቀር እያስመሰለ ይቀልድበት ነበር። ይሁን እንጂ ከሁሉ የሚልቀው ሥራው መሣሪያውን ራሱን ተዋናይ ማድረጉ ነው።

እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 19 ቀን 1957 በኤን.ቢ.ሲ. ያቀረበው የግማሽ ሰዓት ዝግጅት ንግግር አልነበረበትም። አንድ ዝምተኛ ሰው ከጠረጴዛ ፊት ተቀምጦ ምሳውን ያወጣል፤ የወይራው ፍሬ ግን በገበታው ላይ ተንከባሎ ይሄዳል፤ ከፔርሙዙ የሚቀዳው ወተትም ኩባያውን ስቶ ወደ ጎን ይፈሳል። አሠራሩ ቀላል ነው። ክፍሉ ከነጠረጴዛው ዘሞ ተሠርቷል፤ ካሜራውም በዚያው ማዕዘን ልክ ዘሟል። በመሆኑም ለተመልካቹ ሁሉም ነገር ቀጥ ብሎ ይታየዋል፤ ለካሜራው ያልታዘዘው የመሬት ስበት ብቻ ነው። ተመልካቹ የሳቀው በወተቱ ቢመስልም፣ የተቀለደበት ግን ካሜራ ምንጊዜም እውነቱን ያሳያል የሚለው እምነቱ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1961 በኤ.ቢ.ሲ. በጀመራቸው ልዩ ዝግጅቶችም፣ አንድ የጀርመንኛ ዘፈን ሲሰማ በዘፋኙ ፈንታ በኦሲሎስኮፕ የሚታየውን የድምፅ ሞገድ ለተመልካች አቅርቧል። አምፔክስ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1956 ለሥራ ያበቃው የቪዲዮ ቴፕም፣ አጫጭር ቀልዶችን እየቀጠለ እንዲያቀናብር ረድቶታል።

አደጋው የመጣውም በዚሁ ቴፕ በኩል ነበር። የመድረክ ተውኔት ጽሑፉ እስካለ ድረስ ዳግመኛ ሊታይ ይችላል፤ የኮቫክስ ቀልድ ግን ከምስሉ ውጪ ሕይወት የለውም። ቴፕ ውድ ስለነበር ደግሞ ጣቢያዎች አሮጌውን ደምስሰው በላዩ አዲስ መቅረጽን ልማድ አድርገውት ነበር። ኮቫክስ እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 13 ቀን 1962 በሎስ አንጀለስ በመኪና አደጋ በ42 ዓመቱ ሲሞት፣ ለቤተሰቡ ብዙ የግብር ዕዳ ትቶ ነበር። ባለቤቱ ተዋናይዋ ኢዲ አዳምስ ዕዳውን ሠርታ ከመክፈሏም በላይ፣ የሥራዎቹን ቅጂዎች ከመደምሰስ ለማዳን እየገዛች ሰበሰበች። ብዙ ሥራው ጠፍቷል፤ ዛሬ የዘመመው ጠረጴዛ የሚታየው፣ መሣሪያውን ያንቀሳቀሱት ሳይሆኑ እርሷ ስለ ጠበቀችው ነው።