ከዐመድ የበቀለ ወይን፦ በሳንቶሪኒ ደሴት የቅምሻ ጉዞ

ከሰኔ እስከ መስከረም ባሉት ወራት ግዙፍ የመንገደኛ መርከቦች በግሪኳ ሳንቶሪኒ ደሴት ሥር ተራ በተራ ይቆማሉ። የሚያራግፉት ሰው ብዛት ከልክ ስላለፈ አስተዳደሩ ከ2025 ጀምሮ በመርከብ የሚመጣው እንግዳ በቀን ከ8,000 እንዳይበልጥ ወስኗል (ዓመተ ምሕረቱም ወራቱም ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው)። የደሴቲቱ ነዋሪ ግን ጠቅላላው 15,000 ገደማ ነው። ከመርከብ የወረደው ሰው በኬብል ካር ወደ ፊራ ከተማ ይወጣል፤ በነጭ ግድግዳና በሰማያዊ ጉልላት ፊት ፎቶግራፍ ይነሣል፤ ኢያ በምትባለው መንደር ተጋፍቶ የፀሐይዋን መጥለቅ ያያል፤ ማታውኑ ይመለሳል። ሳንቶሪኒን አየሁ ይላል። ያየው ግን የገደሉን አፋፍ ብቻ ነው።

ጥቂቶች ደግሞ ጀርባቸውን ለገደሉ ሰጥተው ወደ መሀል ይገባሉ። ስምንት፣ አሥር፣ ቢበዛ ዐሥራ ሁለት ሆነው በአንዲት ሚኒባስ ከአንድ አስጎብኚ ጋር ይሳፈራሉ። ጉዞው ግማሽ ቀን ያህል ይፈጃል፤ አንድ ጥንታዊ ቦታ፣ አንድ ሁለት መንደር፣ ሁለት ወይም ሦስት የወይን መጥመቂያ ቤት ያዳርሳል። በየቤቱም ጥቂት ጥቂት እየተቀዳ አራት አምስት ዓይነት ወይን ይቀርባል። በማስታወቂያው ላይ የመዝናኛ ጉዞ ነው የሚባለው። ደሴቲቱ ከ3,600 ዓመት ወዲህ ያሳለፈችውን በአንድ ከሰዓት በኋላ ለመረዳት ግን ከዚህ የተሻለ መንገድ አይገኝም። ከተማዋን የቀበራት ዐመድ፣ ወይኑን የሚያበቅለው አፈርና ብርጭቆው ውስጥ ያለው ጣዕም አንድ ታሪክ ናቸውና።

ብዙ አስጎብኚዎች ጉዞውን የሚጀምሩት ከደቡብ ጫፍ፣ ከአክሮቲሪ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1600 ገደማ እዚህ የመርከበኞችና የነጋዴዎች ከተማ ነበረች። ቤቶቿ ባለ ሁለትና ባለ ሦስት ፎቅ ነበሩ፤ ከድንጋይ ንጣፍ መንገዷ ሥር የፍሳሽ ቦይ ተዘርግቶ ነበር። በዚያን ጊዜ ገደማ እሳተ ገሞራው ፈነዳ። ኃይሉ እጅግ ብርቱ ስለነበር የደሴቲቱ መካከል ወደ ውስጥ ተደረመሰ፤ ባሕሩም ገብቶ ሞላው። ዛሬ ቱሪስቱ ከላይ ሆኖ የሚያደንቀው ካልዴራ፣ ዙሪያው እስከ 300 ሜትር በሚደርስ ገደል የታጠረው ሰማያዊ ውሃ፣ ያ የተደረመሰው መሬት ያረፈበት ነው። ከተማዋ በዐመድና በቀላል የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ሥር ተቀበረች።

የመቃብሩ መከፈት ራሱ የሚያስገርም ታሪክ አለው። በ19ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ የስዊዝ ቦይ ሲቆፈር መሐንዲሶቹ ከኖራ ጋር ሲደባለቅ በባሕር ውሃ ውስጥ የሚጠነክር የእሳተ ገሞራ አፈር ፈለጉ። የተገኘውም በሳንቶሪኒና አጠገቧ ባለችው በቲራሲያ ደሴት ነበር። ሠራተኞች ያን አፈር ሲዝቁ ከሥሩ የጥንት ግድግዳ ብቅ አለ። ፈረንሳዊው የሥነ ምድር ሊቅ ፈርዲናንድ ፉኬ በ1867 መጥቶ ጥቂት ቆፈረ። ከዚያ ግን ነገሩ ለረጅም ጊዜ ተዳፍኖ ቀረ። የቀርጤስን ጥንታዊ ሥልጣኔ ያዳከመው የሳንቶሪኒ ፍንዳታ ነው ብለው በ1939 የጻፉት ግሪካዊው አርኪዮሎጂስት ስፒሪዶን ማሪናቶስ በ1967 አክሮቲሪ ላይ ቁፋሮ ጀመሩ። ከተማዋ በአንድ ሌሊት እንደተተወች ሆና ወጣች። በ1974 ማሪናቶስ እዚያው በቁፋሮው ቦታ ሕይወታቸው ሲያልፍ ሥራውን ክሪስቶስ ዱማስ ተረከቡ።

ጎብኚው ዛሬ በትልቅ ጣሪያ ሥር፣ ከፍ ብሎ በተሠራ መረማመጃ ላይ እየሄደ ቁልቁል ወደ መንገዶቿ ያያል። በየጓዳው ሰው የሚያህሉ ጋኖች እንደተደረደሩ ቆመዋል። በርካታዎቹ የግድግዳ ሥዕሎች፣ ቡጢ የሚጋጠሙት ልጆች፣ ዓሣ ያንጠለጠለው ወጣትና ሳፍሮን የሚለቅሙት ሴቶች፣ ወደ አቴንስና ወደ ፊራ ሙዚየሞች ተወስደዋል። እዚህ በትንሽ ቡድን መምጣት ጥቅሙ ይታያል። አስጎብኚዋ አንድ ደረጃ ፊት ቆማ በመሬት መንቀጥቀጥ ለሁለት መሰንጠቁን ታሳያለች፤ አሥሩም ሰው ያየዋል። ያ ስንጥቅ የከተማዋ ሰዎች ያገኙት ማስጠንቀቂያ ነው። በጣሊያኗ ጥንታዊ ከተማ በፖምፔ እንደታየው ዓይነት በዐመድ የታፈነ ሬሳ እስካሁን በአክሮቲሪ አልተገኘም፤ ሰዎቹ ከፍንዳታው በፊት ያላቸውን ይዘው ወጥተዋል። የት እንደደረሱ የሚናገር ጽሑፍ የለም። በ1999 ከአንድ ቤት ከተገኘች ከወርቅ የተሠራች ትንሽ የበረሃ ፍየል በቀር የከበረ ዕቃ እምብዛም ትተው አልሄዱም።

ከአክሮቲሪ ወደ ሜጋሎሆሪ መንደር በሚወስደው መንገድ ግራና ቀኙ የወይን ማሳ ነው። ይሁን እንጂ እንግዳ ሰው ማሳውን አያውቀውም። በእንጨት የተደገፈ ሐረግ፣ በሽቦ የተወጠረ ረድፍ የለም። አመድማው መሬት ላይ የተበተነ ቅርጫት ነው የሚመስለው። አስጎብኚዋ ሚኒባሱን አስቁማ ሰዎቹን ታወርዳለች፤ ሁሉም በርከክ ብለው ያያሉ።

የደሴቲቱ ሰዎች ኩሉራ ይሉታል። ገበሬው ክረምታቸው በሆነው በጥርና በየካቲት ይገርዛል። ረጃጅሞቹን ቅርንጫፎች ቆርጦ አይጥላቸውም፤ መርጦ አንዱን በሌላው ሥር እያሳለፈ በክብ ይጠመጥማቸዋል። በየዓመቱ አንድ ዙር ይጨመራል። ሙቀቱ ሲመጣ ቅጠሉ ወደ ውጭ ይዘረጋል፤ ዘለላው ግን ወደ ውስጥ ይንጠለጠላል። ይህ ሁሉ ድካም ምክንያት አለው። በሐምሌና በነሐሴ ሜልቴሚ የሚሉት የሰሜን ነፋስ አሸዋ እየነዳ ሲነሣ ቆሞ የሚጠብቀውን ሐረግ ሁሉ ያራግፈዋል። ኩሉራው መሬት ለመሬት ስለሆነ ነፋሱ በላዩ ያልፋል፤ ቅጠሉም ፍሬውን ከፀሐይ ቃጠሎ ይጋርደዋል።

ዝናብ እዚህ ከክረምት ወራት ውጭ የለም ማለት ይቻላል፤ የዓመቱ መጠንም ብዙ ጊዜ ከ400 ሚሊሜትር ያንሳል። ድርቅ ለሳንቶሪኒ አዲስ አይደለም፤ ጥንታዊው ግሪካዊ የታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶቱስ በዚህች ደሴት ሰባት ዓመት ሙሉ ዝናብ ጠፍቶ ከሕዝቡ ከፊሉ ባሕር ተሻግሮ በሰሜን አፍሪካ፣ በዛሬዋ ሊቢያ፣ ቂሬኔ የተባለችውን ከተማ እንደመሠረተ ጽፏል። ወይኑን የሚያኖረው ሌሊት ከባሕር የሚነሣው ጉምና ጤዛ ነው። ቀዳዳ ቀዳዳ የሆነው የእሳተ ገሞራ ድንጋይ እርጥበቱን ይመጠዋል፤ ቀን ቀስ እያለ ለሥሩ ያካፍለዋል።

ይኸው አፈር ሌላም ነገር አድርጓል። በ1860ዎቹ ከአሜሪካ የገባው ፊሎክሴራ የተባለ ጥቃቅን ነፍሳት የአውሮፓን ወይን ከሥሩ እየመጠጠ አወደመ። ፈረንሳይን አደኸየ፤ ዛሬ በአውሮፓ ያለው የወይን ተክል አብዛኛው ነፍሳቱን በሚቋቋም አሜሪካዊ ሥር ላይ የተዳቀለ ነው። በሳንቶሪኒ አፈር ውስጥ ግን ሸክላማ ጭቃ የለም ማለት ይቻላል፤ ነፍሳቱም በእንዲህ ያለ አሸዋማ መሬት አይኖርም። ስለዚህ የደሴቲቱ ወይን በገዛ ሥሩ እንደቆመ ነው። ግንዱ ሲያረጅና ፍሬው ሲያንስ ገበሬው ከመሬት በላይ ያለውን ቆርጦ ይጥለዋል፤ ከአሮጌው ሥር አዲስ ሐረግ ይበቅላል። የአንዳንዱ ሥር ዕድሜ በመቶ ዓመታት ነው የሚቆጠረው። ከተማ የቀበረው ዐመድ ወይኑን ከጥፋት ማዳኑን የሚያውቅ ሰው ቀጥሎ የሚቀዳለትን ብርጭቆ በሌላ ዓይን ያየዋል።

መጥመቂያ ቤት ሲገባ መጀመሪያ የሚቀርበው አሲርቲኮ ከተባለው ነጭ ዘር የተጠመቀው ነው። ሐመር ቢጫ ነው፤ ሲጎነጩት ሎሚ ሎሚ ይላል፤ ወደ መጨረሻው የጨው ጣዕም ምላስ ላይ ይቀራል። እንዲህ በሞቀ አገር ኮምጣጣነቱን ሳያጣ የሚበስል ወይን ጥቂት ነው። ሁለተኛው ኒክቴሪ ነው፤ ቀድሞ የቀኑን ሙቀት ሸሽተው ሌሊት ይጨምቁት ነበር።

መጨረሻ ላይ በትንሽ ብርጭቆ የሚመጣው ቪንሳንቶ ግን ብቻውን ታሪክ ነው። በነሐሴ የተለቀመው ዘለላ ሜዳ ላይ ተዘርግቶ ለሁለት ሳምንት ያህል ፀሐይ ይመታዋል። ውሃው እየተነነ ስኳሩ ሲጠነክር ይጨመቃል፤ ከዚያም ቢያንስ ሁለት ዓመት በእንጨት በርሜል ይተኛል። ወፍራም፣ ጠይም ቡናማ፣ የደረቀ በለስና የማር ጣዕም ያለው መጠጥ ይወጣል። ደሴቲቱን ከ13ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ የያዙት የቬኒስ ሰዎች ይህን ወይን በሜዲትራኒያን ነገዱበት። ከ1774 የሩሲያና የኦቶማን ውል ወዲህ የግሪክ መርከቦች በሩሲያ ሰንደቅ ወደ ጥቁር ባሕር መግባት ሲችሉ ደግሞ ትልቁ ገበያ ሩሲያ ሆነ። የኢያ ካፒቴኖች ቪንሳንቶውን ጭነው ወደ ኦዴሳ ይሄዱ ነበር፤ የሩሲያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ለቅዱስ ቁርባን ትፈልገው ነበርና። በደረቀ ወይን መቀደስ ለኢትዮጵያዊ አንባቢ እንግዳ አይሆንም፤ በእኛም ቤተ ክርስቲያን ለቁርባን የሚቀርበው ከዘቢብ የሚዘጋጀው ነው። ዛሬ በሚሊዮን ፎቶግራፍ የሚታወቁት የኢያ ውብ የካፒቴን ቤቶች ከተሠሩበት ገንዘብ ከፊሉ የመጣው ከዚያ ንግድ ነው። የ1917ቱ አብዮት ሲፈነዳ ገበያው ተዘጋ።

ቀጥሎ የመጣው ዘመን አጭርና መራራ ነው። ቲማቲም ለጥቂት ጊዜ ደሴቲቱን አኖራት፤ የቲማቲም ድልህ ፋብሪካዎች ተሠሩ። በሐምሌ 1956 ብርቱ የመሬት መንቀጥቀጥ ከ50 በላይ ሰው ገደለ፤ ኢያን ጨምሮ ብዙ መንደር ፈረሰ፤ የተረፈው ሰው ቤቱን እየዘጋ ወደ አቴንስ ተሰደደ። ወይኑን በዚያ ዘመን ከሞት ያቆዩት የቀሩት ገበሬዎችና በ1947 የተመሠረተው የኅብረት ሥራ ማኅበራቸው ናቸው። በዚያው ዓመት ከአቲኒዮስ ወደብ በላይ በገደሉ አፋፍ የተሠራው የቬኔትሳኖስ መጥመቂያ ቤት የጊዜውን ብልሃት ያሳያል፤ ኤሌክትሪክ እንደልብ ስላልነበረ ሕንፃውን ከላይ ወደ ታች ሠሩት፤ ጭማቂው በራሱ ክብደት ከፎቅ ፎቅ እየወረደ ይጠመቅ ነበር።

መጥመቂያ ቤትን ለጎብኚ የመክፈት ልማድ የተስፋፋው ቡታሪ የተባለው ኩባንያ በ1989 ሜጋሎሆሪ አጠገብ መጥመቂያ ከሠራ በኋላ ነው። በ1991 የሒሳብ ትምህርት ምሁር የነበረው ፓሪስ ሲጋላስ የራሱን ጀመረ፤ በ1994 ጋያ የተባለው ቤት በባሕር ዳር በቆመ አሮጌ የቲማቲም ፋብሪካ ውስጥ ሥራ ጀመረ። ሊጠፋ የደረሰው ማቭሮትራጋኖ የተባለ ቀይ ዘርም ዳግም ተተከለ።

ከወይኑ ጋር የሚቀርበው ምግብ ጥቂት ነው፤ የፍየል አይብ፣ ትናንሽ ቲማቲምና ፋቫ። ፋቫው ተከክቶ የተቀቀለ ቢጫ ጥራጥሬ ነው፤ የወይራ ዘይትና ሽንኩርት ጣል ይደረግበታል። ከእኛ ጓያ ጋር የአንድ ወገን ዘር ነው፤ ዝርያው ግን ሌላ ነው። ይህ ጥራጥሬ በአክሮቲሪ ፍርስራሽ ውስጥም ተገኝቷል። የዚያች ከተማ ሰዎች የበሉትን እህል ጎብኚው ዛሬ በሰሐን ይዞ ይቀመጣል።

ይህ ሁሉ የቆመበት መሬት ግን እያነሰ ነው። ሆቴል፣ የእንግዳ ማረፊያና መዋኛ ገንዳ በየዓመቱ ማሳ ይበላል። በኩሉራ መግረዝ የሚያውቁት እጆች አርጅተዋል፤ ልጆቻቸው ጎንበስ ብለው ከመዋል ይልቅ ሻንጣ መቀበልን ይመርጣሉ፤ ሊወቀሱበትም አይገባም፤ ገቢው አይወዳደርምና። በቅርብ ዓመታት ሙቀቱና ድርቁ በርትቶ ምርቱ እጅግ አሽቆልቁሏል። በ2025 መጀመሪያ ደግሞ ተከታታይ የመሬት መንቀጥቀጥ ከ11,000 በላይ ሰው ለጊዜው ደሴቲቱን ጥሎ እንዲወጣ አድርጓል። እንዲህ ባለ ጊዜ አሥር ሰው ይዞ ማሳ ድረስ የሚወርድ ጉዞ ፋይዳው ትልቅ ነው። እዚያ የተሸጠ አንድ ጠርሙስ የገበሬውን ወይን ዋጋ ከፍ ያደርጋል፤ ማሳውን ለሆቴል ከመሸጥ ይልቅ መግረዝ የሚያዋጣውም ዋጋው ከፍ ሲል ብቻ ነው። ይህን የተረዱ አስጎብኚዎች ሰዎቻቸውን ቅምሻው ጠረጴዛ ላይ ከማስቀመጣቸው በፊት ማሳ ውስጥ ያቆሟቸዋል፤ ጉዞ የሚመርጥ ሰውም ይህን አስቀድሞ ቢጠይቅ መልካም ነው።

መሄድ ለሚያስብ፣ ለቀማው ከግሪክ ሁሉ ቀድሞ በነሐሴ መጀመሪያ ሳምንታት ይጀመራል። ሙቀቱም ግፊያውም የሚያይለው ያን ጊዜ ነው። በነሐሴ መጨረሻ የሚደርስ ሰው ግን ለቪንሳንቶ የተዘረጋውን ወይን በፒርጎስና በሜጋሎሆሪ መንደሮች ዙሪያ ፀሐይ ላይ ተሰጥቶ ያገኘዋል።