ከተዋናይነት እስከ አዘጋጅነት

በአርባ ምንጭ፣ ሴቻ፣ ተማሪዎች በነበርንበት ጊዜ በየዓመቱ መጨረሻ ቴአትር እናሳይ ነበር። ሴቶቹ ልጆች እናት ወይም ሙሽራ ሆነው ይጫወታሉ፤ ድርሰቱን የሚጽፈውና ልምምዱን የሚመራው ግን ሁልጊዜ ወንድ ነበረ። ይህን ልማድ የሻሩ ሴቶች በአገራችን እንደ ነበሩ ያን ጊዜ አልተነገረንም።

ቀድሞ በአዲስ አበባ መድረክ ሻሽ አስረው ሴት ሆነው የሚጫወቱት ወንዶች ነበሩ። በ2004 ዓ.ም. ያረፉት ወይዘሮ አስናቀች ወርቁ በ1940ዎቹ ወደ መድረክ ሲወጡ ዋጋው ቀላል አልነበረም፤ ተዋናይት በዚያ ዘመን ትናቅ ነበርና። ቢሆንም የሚናገሩት ቃል ወንዶች የጻፉት ነበረ።

ወይዘሮ ስንዱ ገብሩ ለእቴጌ መነን ትምህርት ቤት ቴአትር መጻፋቸው እርግጥ ነው። ከተዋናይነት ተነሥተው ደራሲም አዘጋጅም የሆኑት ግን ወይዘሮ ዓለምፀሐይ ወዳጆ ናቸው። የዘፈን ግጥሞቻቸውን ስማቸውን ሳያውቅ የሚያዜም ሰው በእኛም ከተማ አይጠፋም። እኛን ከሁሉ ይልቅ የሚደንቀን አዘጋጅነታቸው ነው። ደራሲ በቤቱ ብቻውን ይጽፋል፤ አዘጋጅ ግን አንጋፋውን ተዋናይ «ቁም፤ እንደ ገና ድገመው» ማለት አለበት። በጋሞ ዱቡሻ ቃሉ ይበልጡን የወንድ ሽማግሌዎች እንደ ሆነ ለምናውቅ ለእኛ፣ ይህ ለሴት ምን ያህል ይከብድ እንደ ነበረ መገመት አያዳግተንም።

ከአገር ከወጡም በኋላ ሥራቸውን አልተዉም። በአውሮፓ አቆጣጠር በ2000 ዓ.ም. በዋሽንግተን ጣይቱ የባህልና የትምህርት ማዕከልን አቋቋሙ፤ በባዕድ አገር የሚያድግ ልጅ አማርኛን ከመድረክ ይሰማ ዘንድ በዚያ ቴአትር አሳዩ፤ የግጥም ምሽትም አዘጋጁ።